ከዋሽንግተን ፓርኪንግ እስከ ቬጋስ በረዶ

ዋሽንግተን፣ ሰኞ ጁን 4፣ 2018

የምሠራው ዋሽንግተን ውስጥ፣ ቻይናታውን አጠገብ ባለ የመኪና ፓርኪንግ ነው። ካፒታል ዋን አሬና ከበራችን በእግር አምስት ደቂቃ ቢሆን ነው። ዘጠኝ ዓመት እዚያ የሚጫወተውን የበረዶ ሆኪ ቡድን የካፒታልስን ደጋፊዎች መኪና ስቀበልና ስመልስ ቆይቻለሁ። ሆኪ ምን እንደሆነ ሳላውቅ ውጤቱን ማወቅ ጀመርኩ። ያሸነፉ ቀን ጩኸታቸው ከማዶ ይሰማል፤ ቲፑም ደህና ነው። የተሸነፉ ቀን ቲኬቱን ይዘረጉልኛል፣ ዝም ይላሉ።

በተለይ ከሚያዝያ በኋላ ዝምታው ይበዛ ነበር። ሥራ በጀመርኩበት በ2009 ፒትስበርግ ከዋንጫው ጉዞ አስወጣቸው። በ2016 ደገማቸው። በ2017 ሠለሰ። ክለቡ ከተመሠረተበት ከ1974 ጀምሮ የሊጉን ዋንጫ፣ ስታንሊ ካፕን፣ አንዴም አላነሳም። ለፍጻሜ የደረሰውም አንድ ጊዜ፣ በ1998 ነው። ያኔም ዲትሮይት 4 ለ 0 ጠርጎ ሸኘው።

እኔ ወደ ጨዋታው የገባሁት አንድ ደንበኛዬ ትርፍ ቲኬት ሰጥቶኝ ነው። ልጅ ሆኜ ናዝሬት በገና ሰሞን ጫፉ ቆልመም ያለ ዱላ ቆርጠን ጥንግ እንመታ ነበር። በረዶው ላይ ሰዎቹ ዱላቸውን ይዘው ሲተረማመሱ ሳይ “ይሄማ ገና ነው!” አልኩ። ከዚያ ቀን ወዲህ ተለክፌ ቀረሁ።

ዘንድሮ ፒትስበርግን ጣሉት። ታምፓን በሰባተኛው ጨዋታ 4 ለ 0 አሰናበቱት። ለፍጻሜ ያገኙት ቬጋስን ነው። ቬጋስ ሊጉን ከተቀላቀለ ገና የመጀመሪያ ዓመቱ ነው። ፍጻሜው እስከ ሰባት ጨዋታ ይሄዳል፤ አራት ጊዜ ቀድሞ ያሸነፈ ዋንጫውን ይወስዳል። የመጀመሪያውን ቬጋስ 6 ለ 4 ወሰደ። ሁለተኛውን እኛ 3 ለ 2። በሁለተኛው ጨዋታ ሁለት ደቂቃ ገደማ ሲቀር በረኛችን ብሬደን ሆልትቢ ተወርውሮ በዱላው ያዳናትን ኳስ እስክሞት አልረሳትም። ኳስ እላለሁ፤ እንደ ቆርኪ ጠፍጣፋ የሆነች የጎማ ነገር ናት፣ ፓክ ይሏታል። ሦስተኛውን እዚህ ዋሽንግተን 3 ለ 1 አሸነፍን።

ዛሬ ማታ ደግሞ 6 ለ 2። ሥራ ላይ ነበርኩ። ጎል በገባ ቁጥር መንገዱ ሲናወጥ ይሰማኛል። ስድስት ጊዜ ቆጠርኩ። የመጨረሻውን መኪና መልሼ አለቃዬ ጋ ሄድኩና የጥቂት ቀን ፈቃድ ጠየቅኩት። እሱም የአገሬ ልጅ ነው። “ሂድ፣ ግን ለሰልፉ ቀን እፈልግሃለሁ” አለኝ። ሰልፍ እንደሚኖር እሱ አልተጠራጠረም። እኔ ፈራሁ።

ሎስ አንጀለስ፣ ማክሰኞ ጁን 5

ቀጥታ ወደ ቬጋስ የሚሄደው አውሮፕላን ዋጋው በአንድ ሌሊት ሰማይ ነክቷል። በሎስ አንጀለስ በኩል 210 ዶላር አገኘሁ። እዚያ አክስቴ አለች። ከእሷ ቤት መኪና ተውሼ ለመንዳት ወሰንኩ።

ደረስኩ። ሻንጣዬ አልደረሰም። ሻንጣ የሚዞርበት ቀበቶ አጠገብ አንድ ሰዓት ቆሜ፣ ሰዉ ሁሉ ሄዶ፣ ቀበቶው ራሱ ቆመ። ቅጽ ሞላሁ። ልጅቷ “ምን ነበረበት?” ስትለኝ መጀመሪያ ያልኳት “ቀይ ማልያዬ” ነው። ሸሚዙን፣ ጫማውን፣ ለአክስቴ የያዝኩትን በርበሬ ከዚያ በኋላ ነው ያስታወስኩት።

አክስቴ በር ላይ አቅፋ ሳመችኝና “በርበሬውስ?” አለች። የሰኔ ጾም ገብቷል፤ እሷ ደግሞ አታፈርስም። ፌርፋክስ ጎዳና ወሰደችኝ። ከ2002 ጀምሮ ከተማው ሰፈሩን በይፋ ትንሿ ኢትዮጵያ ብሎታል፤ ምልክትም ተክሎለታል። የእኛ ዋሽንግተን ሐበሻ በየሰፈሩ ተበትኗል፤ ሲልቨር ስፕሪንግ አለ፣ አሌክሳንድሪያ አለ፣ ዩ ስትሪት አለ። እዚህ ሁሉም በአንድ መንገድ ግራና ቀኝ ቆሟል። ከጫፍ እስከ ጫፍ አሥር ደቂቃ አይፈጅም። የጾም በያይነቱ 15 ዶላር ነው፤ ሽሮው ወፈር ያለ፣ ጎመኑ ነጭ ሽንኩርት ያልተሰሰተበት። የእኛው ሰፈር እንጀራ ይሻላል። ቡናው ግን የዚህ ይበልጣል፤ ሦስተኛውን ሳልጠጣ አልተነሳሁም።

ለአክስቴ ጨዋታውን አስረዳኋት። ገና ነው፣ ግን በበረዶ ላይ፣ በየወገኑ ከበረኛው ጋር ስድስት ሰው። ይጋጫሉ፣ አንዳንዴም በቡጢ ይማታሉ። ሳቀችና “በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ!” አለች። ቀጥላም “እና ጥቁር ይጫወታል?” ብላ ጠየቀችኝ።

ይህን ጥያቄ ብዙ ሰው ይጠይቀኛል። ስለ ዴቫንቴ ስሚዝ-ፔሊ ነገርኳት። ካናዳዊ ነው፣ 25 ቁጥር። የቀድሞ ክለቡ ውሉን ከፍሎ አሰናብቶት ነበር። ካፒታልስ በ650 ሺህ ዶላር ለአንድ ዓመት ወሰደው። በዚህ ሊግ ያ ትንሽ ገንዘብ ነው። በየካቲት ቺካጎ ላይ ተቀጥቶ የቅጣት ሳጥን ውስጥ ተቀምጦ ሳለ አራት ተመልካቾች “ቅርጫት ኳስ፣ ቅርጫት ኳስ” እያሉ ጮሁበት። ይሄ ያንተ ጨዋታ አይደለም ማለታቸው ነው። ሰዎቹ ከአዳራሹ ተባረሩ። እሱ በማግስቱ ለጋዜጠኞች ሲናገር ፊቱን አይቼዋለሁ። ተቆጥቶ ነበር። ደክሞትም ነበር።

ስለ ማይክ ማርሰንም ነገርኳት። ካፒታልስ በተመሠረተበት ዓመት፣ በ1974፣ ሲጫወት የነበረ ጥቁር ነው። በሊጉ ታሪክ ከዊሊ ኦሪ ቀጥሎ ሁለተኛው። ሆኪውን ካቆመ በኋላ ቶሮንቶ ውስጥ የከተማ አውቶቡስ ሾፌር ሆነ። አክስቴ ዝም ብላ ሰማችኝና “እንግዲያው ሂድና እይልኝ” አለች። ለመንገድ ቆሎና ዳቦ ቆሎ ቋጠረችልኝ።

አይ-15፣ ረቡዕ ጁን 6

ከሎስ አንጀለስ እስከ ላስ ቬጋስ 430 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። መኪናው የአክስቴ ባል አሮጌ መኪና ነው። ታንኩን ሞላሁ፤ ጋሎኑ 3 ዶላር ከ80። ቨርጂኒያ አንድ ዶላር ይቀንሳል።

ካሆን ፓስ የሚባለውን ተራራ ስትወጣ ከተማው ከኋላህ ይቀራል። ከዚያ በረሃ ነው። ቪክተርቪል፣ ባርስቶው፣ ከዚያ ባዶ። ከመተሐራ አልፈህ ወደ አዋሽ ስትሄድ ያለውን አገር አስታወሰኝ። ግራሩና ግመሉ ብቻ ነው የጎደለው።

ቤከር የምትባል ትንሽ ከተማ ላይ የዓለም ረጅሙ ቴርሞሜትር ቆሟል። ቁመቱ 134 ጫማ ነው። በ1913 በአቅራቢያው ባለው የሞት ሸለቆ ለተመዘገበው 134 ዲግሪ ፋራናይት መታሰቢያ ነው። በእኛ መለኪያ 57 ገደማ ይሆናል። ያን ቀን 103 ይል ነበር።

ከቤከር በኋላ መንገዱ ሽቅብ ይያያዛል። መኪናችሁ እንዳይግል ኤርኮንዲሽን አጥፉ የሚል ምልክት አለ። አየሁት። ሙቀቱ ጠንቶብኝ ነበርና ሳላጠፋው ቀጠልኩ። ሃያ ደቂቃ ሳይሞላ የሙቀት መለኪያው ቀይ ነካ፣ ከፊት ጭስ ወጣ። መንገድ ዳር ጠጋ ብዬ ቆምኩ። ጥላ የለም። ስልኩ ሲግናል የለውም። ከባድ መኪኖች ሲያልፉ መሬቱ ይንቀጠቀጣል።

አርባ ደቂቃ ያህል ከቆምኩ በኋላ አንድ አሮጌ ፒክአፕ ቆመ። ሽማግሌ ሜክሲኳዊና ሚስቱ ናቸው። እሱ እንግሊዝኛ ብዙም አይችልም፣ እኔ ስፓኒሽ አልችልም። የራዲያተሩን ክዳን ልከፍት ስል እጄን ያዘኝና “ኖ፣ ኖ” አለ። እንድቆይ በእጁ አሳየኝ። ሚስቱ የተቆረጠ ሐብሐብ አወጣች። እኔ የአክስቴን ዳቦ ቆሎ አወጣሁ። የመኪናው ሞተር እስኪበርድ ሦስታችን በፒክአፑ ጥላ ተቀምጠን በላን። ከዚያ ሁለት ጋሎን ውሃ ሞላልኝ። ገንዘብ ልሰጠው ስል ተቆጣ። እስከ ተራራው ጫፍ ከኋላዬ እየተከተለ ሸኘኝ።

ድንበሩ አጠገብ ኢቫንፓ ላይ ሦስት ማማዎች በረሃው መሀል እንደ ፋኖስ ያበራሉ። ዙሪያቸውን የተተከለው መስታወት ሁሉ ፀሐይዋን ወደ እነሱ ይመልሳል፤ ከዚያ ኤሌክትሪክ ይሠራሉ። ቬጋስ የደረስኩት ሊመሽ ሲል ነው።

ላስ ቬጋስ፣ ረቡዕ ማታ

የአጎቴ ልጅ እዚህ ታክሲ ይነዳል። ቬጋስ ሐበሻ ሾፌር ይበዛባታል። ካዚኖ ቤቶችም ውስጥ ብዙ ወገን ይሠራል። እራት ጎረቤቱ ጋ ነበር። ጎረቤቱ የሐረር ልጅ ነው፣ ረመዳን ላይ ነው። ቴምር፣ ሳምቡሳ፣ ሾርባ። ረቡዕ ስለሆነ ለእኔ የምስር ሳምቡሳ ለብቻው አስቀምጦልኝ ነበር።

የአጎቴ ልጅ የቬጋስ ደጋፊ ነው። መጀመሪያ ተከራከርን። “የኛ ሰው አንተ ጋ ብቻ ነው እንዴ? ራያን ሪቭስን አላየህም? የመጀመሪያውን ጨዋታ አቻ ያደረገን እሱ አይደለም?” አለኝ። ልክ ነው። ቤልማርም አላቸው፣ ፈረንሳዊው። ተረታሁ።

በኋላ በታክሲው ወጣን። ማንደላይ ቤይ ሆቴል ጋ ስንደርስ ፍጥነቱን ቀነሰ። በ2017 ኦክቶበር 1 ማታ ከዚያ ሆቴል ፎቅ ላይ አንድ ሰው ወደ ኮንሰርት ታዳሚ ተኩሶ 58 ሰው እንደሞተ የተነገረበት ቦታ ነው። ያን ሌሊት እሱ ሥራ ላይ ነበር። ሰዎች መንገድ ላይ እየሮጡ በሩን ከፍተው ገቡ። ስድስት ሰው ጭኖ ወደ ሆስፒታል ነዳ። አንዷ ልጅ ጫማ አልነበራትም። “ለሳምንት መኪናውን ማጠብ አልቻልኩም” አለኝ። ከዚያ በላይ አልተናገረም፣ እኔም አልጠየቅኩም።

ከዘጠኝ ቀን በኋላ ቡድኑ በሜዳው የመጀመሪያ ጨዋታውን አደረገ። ተጫዋቾቹ ከሐኪሞች፣ ከፖሊሶችና ከእሳት አደጋ ሠራተኞች ጋር ሆነው ወጡ። በሜዳው ዙሪያ ያሉትን ማስታወቂያዎች አንስተው የከተማዋን ማጽናኛ ቃል ጻፉበት። በመጀመሪያው ክፍለ ጊዜ አራት ጎል አገቡና 5 ለ 2 አሸነፉ። የአጎቴ ልጅ ሆኪ ማየት የጀመረው ያን ማታ ነው። ከዚህ በኋላ ልከራከረው አልቻልኩም።

ላስ ቬጋስ፣ ሐሙስ ጁን 7

ግድግዳው ላይ ያለው የቤተ ክርስቲያን ካላንደር ግንቦት 30 ይላል። ሻንጣዬ አሁንም የት እንዳለ አይታወቅም። ጠዋት ወጥቼ በ9 ዶላር ጽሑፍ የሌለው ቀይ ቲሸርት ገዛሁ። የጨዋታው ቲኬት ከ800 ዶላር በላይ ፈጅቷል፤ ያውም የላይኛው ጫፍ። ሁለት ወር ሙሉ የቅዳሜና እሑድ ተጨማሪ ፈረቃ የሠራሁት ለዚህ ነው።

ውጭ ሙቀቱ ከ38 በላይ ነው። ቲ-ሞባይል አሬና ስትገባ ቅዝቃዜው ፊትህን ይመታሃል። መቀመጫዬ ላይ ሆኜ መጀመሪያ ያየሁት ጣሪያው ላይ የተሰቀለውን 58 ቁጥር ነው። ለሞቱት ሲሉ ያን ቁጥር ማንም እንዳይለብሰው አድርገዋል።

ከ18 ሺህ በላይ ሰው አለ። አብዛኛው ወርቃማና ጥቁር ነው፤ ግን ቀዩም ብዙ ነው። ቀይ ለባሾቹ ዓመቱን ሁሉ በየፓርኪንጉ ያየኋቸው ፊቶች መስለው ታዩኝ።

የመጀመሪያው ሃያ ደቂቃ 0 ለ 0። ሁለተኛው እሳት ነበር። ያኩብ ቭራና ብቻውን አምልጦ አገባ። ኔት ሽሚት አቻ አደረገ፤ እሱ አምና የእኛ ነበር። ደቂቃ ሳይሞላ አሌክስ ኦቬችኪን በቁጥር ብልጫ ሳለን መታት፣ 2 ለ 1። ፔሮን 2 ለ 2። ዕረፍት ሊወጡ ሰላሳ ሰከንድ ገደማ ሲቀር ራይሊ ስሚዝ 3 ለ 2 ለቬጋስ። አዳራሹ ፈረሰ። እኔ ተቀመጥኩ። ያ የድሮው ዝምታ ጉሮሮዬ ውስጥ ገባ። ዛሬ ከተሸነፍን ስድስተኛው ዋሽንግተን ነው፣ ሰባተኛው እንደገና እዚህ። ይሄ ቡድን እንዲህ እየሆነ ስንት ጊዜ እንደወደቀ ፓርኪንግ በር ላይ ቆሜ ቆጥሬዋለሁ።

ሦስተኛው ክፍለ ጊዜ ሊጋመስ ነው። ብሩክስ ኦርፒክ ከሩቅ ወደ ጎሉ ላካት። ኳሷ ስሚዝ-ፔሊ እግር ላይ አረፈች። በጫማው ወደ ፊት ገፋት፣ ሰው ከኋላው ተጭኖታል፣ ሚዛኑን ስቷል፣ እየወደቀ ነው። እየወደቀ መታት። መረቡ ተንቀጠቀጠ። 3 ለ 3።

በሆዱ በረዶው ላይ ተንሸራቶ ሲነሳ ጮኬያለሁ። ምን እንዳልኩ አላውቅም። አጠገቤ ያሉት ነጭ አዛውንት፣ ቀይ ለባሽ፣ ዞረው አቀፉኝ። ይህ ሰው በመደበኛው ወቅት በ75 ጨዋታ ሰባት ጎል ነበር ያገባው። በዋንጫው ጉዞ ብቻ ሰባት አገባ። በሦስተኛው ጨዋታ አንድ፣ በአራተኛው አንድ፣ በአምስተኛው ይህችን። ቺካጎ ላይ የጮሁበት ሰዎች ይህን የት ሆነው እንዳዩት አሰብኩ። አክስቴንም አሰብኩ።

ሁለት ደቂቃ ተኩል አለፈ። ኮኖሊ መታት። በረኛው ማርክ አንድሬ ፍለሪ ያዛት ብለን ነበር። አልያዛትም፤ በእግሮቹ መሀል ሾልካ ከኋላው ቀስ እያለች ነበር። ላርስ ኤለር አያት። ዴንማርካዊ ነው። ነካ አደረጋት። 4 ለ 3።

የቀሩት ሰባት ደቂቃ ተኩል ከመላው ጉዞዬ ረዘሙብኝ። ከበረሃው መሀልም በላይ። ሰዓቱ አልቆ ሲደወል ተጫዋቾቹ ዱላቸውንና ጓንታቸውን ወደ ላይ ወረወሩ። ኦቬችኪን ከሞስኮ መጥቶ ለዚህ ክለብ መጫወት ከጀመረ አሥራ ሦስተኛ ዓመቱ ነው። የዋንጫው ጉዞ ምርጥ ተጫዋችም እሱ ተባለ። ዋንጫው 15 ኪሎ ተኩል ይመዝናል። ከራሱ በላይ አንስቶ ሲጮህ አፉ እንደ ሕፃን ተከፍቶ ነበር። ከዚያ ለኒክላስ ባክስትሮም ሰጠው። ከእጅ ወደ እጅ ሲሄድ 25 ቁጥር ጋ እስኪደርስ ጠበቅኩ። አነሳው። አይቼ ወጣሁ።

ውጭ ፀሐይዋ ጠልቃለች። የአጎቴ ልጅ ታክሲውን አቁሞ ይጠብቀኛል። በሬዲዮ ሰምቶታል። ወርቃማ ኮፍያውን አውልቆ ጭኑ ላይ አስቀምጧል። የሐረሩ ጎረቤቱ ከኋላ ተቀምጦ በቴምር እያፈጠረ ነው። ሦስት ቴምር ሰጠኝ። ሦስታችንም ብዙ አልተናገርንም። “ጥሩ ተጫወታችሁ” አልኩት። “እናንተም” አለኝ። በመጀመሪያ ዓመታቸው እዚህ መድረሳቸው ቀላል ነገር አይደለም፤ ወቅቱ ሲጀመር አወራራጆች ለዋንጫው 500 ለ 1 ሰጥተዋቸው ነበር።

ዋሽንግተን፣ ማክሰኞ ጁን 12

የመልሱን መንገድ በሌሊት ነዳሁት፤ መኪናው አልጋለም። አክስቴ እንደገና ምግብ አቀረበች፣ ስሚዝ-ፔሊ እንዴት እንዳገባ ሁለት ጊዜ አስነገረችኝ። ሻንጣዬ ትናንት ሰኞ ቤቴ ደረሰ። በርበሬው ተፈትቶ ልብሱ ላይ ፈሷል። በፖስታ ለአክስቴ ሌላ ልኬላታለሁ።

ዛሬ ሰልፍ ነው። ፓርኪንጉ ከንጋቱ 12 ሰዓት ተኩል ላይ ሞላ። አለቃዬ አራት ሰዓት ላይ “በል ሂድ፣ እኔ እይዘዋለሁ” አለኝ። ኮንስቲትዩሽን ጎዳና ላይ ሰዉ ዛፍ ላይ ሳይቀር ወጥቷል። አባቶች ልጆቻቸውን ትከሻቸው ላይ ጭነዋል። ከፊቴ ያለች ሐበሻ ልጅ፣ አሥር ዓመት ቢሆናት ነው፣ አባቷን “የቱ ነው ስሚዝ-ፔሊ?” ትለዋለች። መኪናው ሲያልፍ እጄን ዘርግቼ አሳየኋት።

ማልያዬን የለበስኩት ዛሬ ነው። ታጥቦም በርበሬ በርበሬ ይሸታል። ጀርባው ላይ 25 ይላል። ከሰዓት በኋላ የሥራ ጃኬቴን ደርቤበት መኪናዎቹን ለመመለስ ወረድኩ።